ከሰው ጋር የሚሮጥ ካሜራ፦ ሰርጌይ ኡሩሴቭስኪና ሥራው



አንዲት ልጅ በሰው በተጨናነቀ አውቶቡስ ውስጥ ቆማለች። ፍቅረኛዋ ዛሬ ወደ ጦር ግንባር ይሄዳል፤ ልትሰናበተው እየተጣደፈች ነው። አንገቷን እያሰገገች በመስኮቱ አሻግራ ታያለች። አውቶቡሱ ይቆማል፤ መንገዱን የታንክ ሰልፍ ዘግቶታል። ልጅቱ ትወርዳለች፤ ካሜራውም አብሯት ይወርዳል። በሸኚው ሕዝብ መሃል ትከሻ ለትከሻ እየተጋፋ ይከተላታል። ከዚያ በድንገት ከምድር ይነሣና ወደ ላይ ይወጣል። እኛም ልጅቱ ከታች፣ በጭሱ መሃል፣ ትንሽ ሆና በታንኮቹ መካከል እየተሽሎከለከች ስትሻገር እናያለን። ከአውቶቡሱ ውስጥ ጀምሮ እስከዚያ ከፍታ ድረስ ምስሉ አንድ ጊዜ እንኳ አልተቆረጠም።

ፊልሙ «ሽመላዎቹ ይበርራሉ» ይባላል። በ1957 በሞስኮው ሞስፊልም ስቱዲዮ ተሠራ። (በዚህ ንግግር የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ዳይሬክተሩ የጆርጂያ ተወላጁ ሚኻኢል ካላቶዞቭ ነው፤ ልጅቱን ቬሮኒካን ሆና የተጫወተችው ታቲያና ሳሞይሎቫ ናት፤ ፍቅረኛዋን ቦሪስን የተጫወተው አሌክሴይ ባታሎቭ ነው። በቀጣዩ ዓመት ፊልሙ በፈረንሳይ ካን ከተማ በሚደረገው ፌስቲቫል ታላቁን ሽልማት፣ ወርቃማውን ዘንባባ፣ አገኘ። እዚያው ለቴክኒክ ብቃት የሚሰጠውን ሽልማት የወሰደው ደግሞ ካሜራማኑ ሰርጌይ ፓቭሎቪች ኡሩሴቭስኪ ነበር። ዛሬ የምናገረው ስለ እሱ ነው።

ስለ ኡሩሴቭስኪ የሚነገረው አብዛኛው ነገር ስለ ብልሃቱ ነው፤ ካሜራውን በገመድ ላይ እንዴት እንዳስኬደው፣ ውሃ ውስጥ እንዴት እንዳስገባው። የዘመናችን ወጣት ባለሙያዎችም ሥራውን ሲያዩ የመጀመሪያ ጥያቄያቸው «እንዴት አደረገው?» የሚል ነው። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ እኔም አልዘለውም። ነገር ግን ከዚያ የሚቀድም ሌላ ጥያቄ አለ፤ ካሜራው ለምን ተንቀሳቀሰ? በአውቶቡሱ ትዕይንት መልሱ ግልጽ ነው። ልጅቱ መቆም አልቻለችም፤ ስለዚህ ካሜራውም መቆም አይችልም። ከሕዝቡ በላይ የሚነሣውም ሊያስደንቀን ብሎ አይደለም፤ የአንዲት ልጅ ፍለጋ በዚያ ሁሉ ብረትና ሕዝብ ውስጥ ምን ያህል ኢምንት እንደሆነ በአንድ ትንፋሽ ሊያሳየን ነው። ኡሩሴቭስኪ ታላቅ የሚሆነው ካሜራው የአንድን ሰው ልብ ተከትሎ ሲሄድ ነው። ያን ሰው ሲያጣ ምን እንደሚሆንም በሥራው ውስጥ አለ፤ ወደ እሱ እንመጣለን።

ኡሩሴቭስኪ በ1908 በሴንት ፒተርስበርግ ተወለደ። ወደ ፊልም የመጣው በሥዕል በኩል ነው። ከሩሲያ አብዮት በኋላ በሞስኮ የተቋቋመው የሥነ ጥበብና የቴክኒክ ከፍተኛ ትምህርት ቤት በዘመኑ ከነበሩት የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤቶች ሁሉ ደፋር የነበረ ነው፤ ሠዓሊው፣ የሕንፃ ነዳፊው፣ የጨርቅ ንድፍ ሠሪው በአንድ ጣሪያ ሥር ይማሩበት ነበር። ኡሩሴቭስኪ እዚያ የእንጨት ቅርጽ ሕትመት ሊቅ ከነበረው ከቭላዲሚር ፋቮርስኪ ተማረ። የእንጨት ቅርጽ ሕትመት ጥቁርና ነጭ ብቻ ነው፤ በመካከላቸው የሚደበቁበት ግራጫ የለም። ሠዓሊው እንጨቱን በቦረቦረ ቁጥር ከጨለማ ውስጥ ብርሃን ያወጣል። በኋላ የኡሩሴቭስኪን ፊልሞች ስናይ፣ ነጭ ሰማይ ላይ እንደ ቀለም ጠብታ የጠቆረውን የሰው ጥላ ስናይ፣ የፋቮርስኪ ተማሪ መሆኑ ይገባናል። በዚያው ትምህርት ቤት አሌክሳንደር ሮድቼንኮም ያስተምር ነበር። ሮድቼንኮ ፎቶ የሚያነሣው ከሰገነት ወደታች ወይም ከምድር ሽቅብ ነበር፤ ሰው በየቀኑ የሚያየውን ደረጃና በረንዳ አዲስ የሚያደርግ ያዘመመ አቅጣጫ ነበረው። ያም በኡሩሴቭስኪ ሥራ ውስጥ ቁልጭ ብሎ ይታያል።

ቀጥሎ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት መጣ። ኡሩሴቭስኪ በጦርነቱ ዓመታት የግንባር ካሜራማን ነበር። ይህን የሕይወቱን ክፍል ብዙ ጸሐፊዎች በአንድ መስመር ያልፉታል። እኔ ግን ለኋላው ሥራው ከትምህርት ቤቱ የማይተናነስ መሠረት ሆኖ አገኘዋለሁ። ግንባር ላይ ባለሦስት እግር ማቆሚያ ተክሎ፣ መብራት አስተካክሎ፣ «እንደገና» ብሎ የሚቀርጽ የለም። ካሜራው በእጅ ይያዛል። ካሜራማኑ ሲሮጥ ምስሉ ይሮጣል፤ ሲወድቅ አብሮ ይወድቃል። በዜና ፊልም ውስጥ ያ መንቀጥቀጥ እንደ ጉድለት ይቆጠር ነበር። ኡሩሴቭስኪ ከአሥር ዓመት በኋላ ያንኑ መንቀጥቀጥ ወደ ልብ ወለድ ፊልም አስገብቶ የሰው ልጅ ጭንቀት ቋንቋ አደረገው።

ወዲያው ግን አልሆነም። ከጦርነቱ በኋላ የነበሩት ዓመታት ለሶቪየት ሲኒማ የከፉ ነበሩ። በዓመት የሚሠሩት ፊልሞች እጅግ ጥቂት ሆኑ፤ የተሠሩትም በየደረጃው በሹማምንት ዐይን የተመረመሩ፣ መንደሩ ሁሉ ጠግቦ የሚያድርባቸው፣ ገበሬው ሁሉ የሚዘፍንባቸው ነበሩ። ኡሩሴቭስኪም ሠራላቸው። ከዳይሬክተሩ ከማርክ ዶንስኮይ ጋር በ1947 «የመንደሩ መምህርት»ን፣ ከዩሊ ራይዝማን ጋር ደግሞ የኅብረት እርሻን ኑሮ እንደ ገነት የሚያሳየውን «የወርቅ ኮከብ ጀግና»ን ቀረጸ። በሁለቱም የስታሊን ሽልማት ተቀበለ። እነዚህን ሥራዎች የማነሣው ላሳፍረው አይደለም፤ ብርሃኑ ግሩም ነው፣ የሩሲያ ሜዳ አድማስ እንደ ጥንት ሥዕል ተንጣሎ ይታያል። ግን ሁሉ ነገር በቦታው ቆሞ ነው የሚታየው። የታላቁን ዳይሬክተር የፑዶቭኪንን የመጨረሻ ፊልም በ1953 የቀረጸውም እሱ ነበር። በዚያው ዓመት መጋቢት ስታሊን ሞተ፤ በሰኔ ፑዶቭኪን ተከተለ። ከዚያ በኋላ የነበረው የአዲሱ መሪ የክሩሽቾቭ ዘመን የጭቆናው በረዶ ሙሉ በሙሉ ባይቀልጥም የተሰነጣጠቀበት ነበር።

በ1956 ግሪጎሪ ቹኽራይ የሚባል፣ ራሱም ከጦር ሜዳ ቆስሎ የተመለሰ ወጣት ዳይሬክተር የመጀመሪያ ፊልሙን «አርባ አንደኛው»ን ሲሠራ ካሜራውን ኡሩሴቭስኪ ያዘ። ታሪኩ ስለ ሩሲያው የእርስ በርስ ጦርነት ነው። የቀይ ጦር አነጣጣሪዋ ማርዩትካ አርባ ጠላት ገድላለች፤ አርባ አንደኛውን ስታ ትማርከዋለች፤ ሁለቱ በአራል ባሕር ደሴት ላይ ብቻቸውን ይቀራሉ፤ ይዋደዳሉ። ፊልሙ ባለ ቀለም ነው። ቀለሙ ባይኖር ታሪኩ ራሱ ይጎድል ነበር፤ ማርዩትካን የሚያሸንፋት የምርኮኛው መኮንን ሰማያዊ ዐይን ነውና። ኡሩሴቭስኪ የካራኩምን አሸዋ ወርቃማ፣ ወይን ጠጅ፣ ጎህ ሲቀድም አመድማ አድርጎ ቀረጸው፤ አሸዋውን ለረጅም ጊዜ ካየን በኋላ የባሕሩ ሰማያዊ ሲመጣ እንደ እፎይታም እንደ ማስፈራሪያም ነው። ፊልሙ በ1957 በካን ልዩ ሽልማት አገኘ። አንድ ነገር ግን ልብ በሉ፤ ይህን ያህል በቀለም የተካነ ሰው በቀጣዩ ፊልሙ ወደ ጥቁርና ነጭ ተመለሰ። የጦርነት መታሰቢያ ፊልም ነበር የሚሠራው፤ የፋቮርስኪ ትምህርት ተፈለገ።

«ሽመላዎቹ ይበርራሉ» ከቪክቶር ሮዞቭ የመድረክ ተውኔት የተወሰደ ነው። ሶቪየት ኅብረት በጦርነቱ 27 ሚሊዮን ያህል ሰው አጥታለች፤ በአገሪቱ ሰው ያልሞተበት ቤት ጥቂት ነበር። እስከዚያ ጊዜ የተሠሩት ፊልሞች ግን በአመዛኙ ስለ ጄኔራሎች፣ ስለ ድል፣ ስለ መሪው ጥበብ ነበሩ። ይህኛው ስለ አንዲት ልጅ ሐዘን ሆነ፤ ያውም ፍቅረኛዋን ጠብቃ መቆየት ስላልቻለች፣ በአየር ድብደባ ሌሊት ተሰብራ ሌላ ሰው ስላገባች ልጅ። በአገር ውስጥ ይህች ሴት እንዴት የፊልም ባለታሪክ ትሆናለች ብለው የተቆጡ ነበሩ። ያን ቁጣ ያሸነፈው ግማሹ የሳሞይሎቫ ፊት ነው፤ ግማሹ ደግሞ ካሜራው ነው። ካሜራው አልፈረደባትም። ከጎኗ ነበር የቆመው።

የቦሪስን አሟሟት ውሰዱ። ረግረጋማ ጫካ ውስጥ የቆሰለ ጓደኛውን ተሸክሞ ሲሄድ ይመታል። ሽቅብ ያያል። ነጫጭ የበርች ዛፎች ራሳቸውን ወደ ሰማይ ዘርግተው መዞር ይጀምራሉ። በዛፎቹ ላይ ሌላ ምስል ይደረባል፤ ከፊልሙ መጀመሪያ በደስታ ሲሮጥበት ያየነው ጠምዛዛ ደረጃ። ቦሪስ ደረጃውን እየዘለለ ሲወጣ ካሜራው በመሃል እየዞረ አብሮት ሽቅብ ይወጣል። ከዚያ ሠርግ ይመጣል፤ ቬሮኒካ በነጭ ቀሚስ፣ ቤተሰቡ፣ መሳሳሙ፤ ያልሆነውና የማይሆነው ሁሉ ይደራረባል። ከዚያ ዛፎቹ ይቆማሉ፤ እሱም ጭቃው ውስጥ ይወድቃል። ትዕይንቱ ከሁለት ደቂቃ ብዙም አይበልጥም። እኔ በፊልም ካየኋቸው የሞት ትዕይንቶች ውስጥ የሚሞተው ሰው ምን እንደቀረበት ይህን ያህል ያሳየኝ የለም። የደረጃው ምስል የሚሠራው ቀድሞ ስላየነው ነው፤ ደስታን የተሸከመው እንቅስቃሴ ያለ አንዳች ለውጥ ተመልሶ ሞትን ይሸከማል።

ሌላው ቬሮኒካ ከአየር ድብደባ በኋላ ወደ ቤቷ የምትሮጥበት ነው። ደረጃው ይጤሳል፤ እሳት ይታያል፤ እየሮጠች ወጥታ የቤቷን በር ትከፍታለች። ከበሩ ወዲያ ቤት የለም። ባዶ ሰማይ፣ የፈራረሰ ግድግዳ፣ የሚወዛወዝ አምፖል፣ አሁንም ቀጭ ቀጭ የሚል ሰዓት። ወላጆቿ የሉም። እስከ በሩ ድረስ አብሯት ሲሮጥ የመጣው ካሜራ እዚህ ይቆማል። ስለ እንቅስቃሴው ይህን ያህል የተወደሰው ሰው መቆም የት እንደሚገባም ያውቅ ነበር።

አሁን ወደ «እንዴት?» ልለፍ፤ በአዳራሹ ውስጥ የሙያው ሰዎች እንዳላችሁ አውቃለሁ።

በዚያ ዘመን ስቴዲካም አልነበረም፤ የካሜራውን ንዝረት የሚያስታግሰው ያ የሰውነት መታጠቂያ በፊልም ሥራ ላይ የዋለው በ1970ዎቹ አጋማሽ ነው። ድሮን አልነበረም። ዳይሬክተሩ እየተቀረጸ ያለውን የሚያይበት ሞኒተር እንኳ አልነበረም፤ ምን እንደተቀረጸ የሚያውቀው ዐይኑን በካሜራው ማያ ላይ የጣለው አንድ ሰው ብቻ ነው፤ ሌላው ሁሉ ፊልሙ ታጥቦ እስኪመጣ ይጠብቃል። 35 ሚሊ ሜትር ፊልም በሴኮንድ 24 ምስል ሲሄድ በደቂቃ 27 ሜትር ያህል ይበላል፤ በእጅ በሚያዝ ካሜራ ላይ የሚገጠመው ጥቅልል 120 ሜትር ቢሆን ከአራት ደቂቃ ተኩል በታች ያልቃል። በዚያች ጊዜ ውስጥ ተዋናዩ፣ ሕዝቡ፣ ታንኩ፣ ካሜራውን ወደ ላይ የሚያነሣው ክሬን፣ ካሜራማኑ አንድ ላይ ሊገጥሙ ይገባል። አንዱ ከሳተ ሁሉም እንደ አዲስ ይጀመራል።

ከሁሉ የሚከብደው መብራቱ ነው። ካሜራ አንድ ቦታ ተተክሎ ሲቀርጽ መብራቶቹ ከጀርባውና ከጎኑ ይደበቃሉ። ካሜራው ዙሪያውን የሚዞር ከሆነ ግን መብራቱ የት ይግባ? ኡሩሴቭስኪ መልሱን ያገኘው ከሠዓሊነቱ ነው፤ ብርሃኑን በትዕይንቱ ውስጥ ካለ ነገር አወጣው፤ ከመስኮት፣ ከእሳት፣ ከፍንዳታ ብልጭታ፣ ከሰማይ። ከቤት ውስጥ ወደ ፀሐይ ሲወጣ ደግሞ የሌንሱ ቀዳዳ እየተቀረጸ እያለ መጥበብ አለበት፤ ያለበለዚያ ውጪው ሁሉ ነጭ ሆኖ ይጠፋል። ሌንሱም ምርጫ ነው። እሱ የሚወደው ሰፊ ማዕዘን ያለውን ሌንስ ነበር። ሰፊ ሌንስ ቅርብም ሩቅም ያለውን ጥርት አድርጎ ይይዛል፤ ስለዚህ በሩጫ መሃል ፎከስ የመሳቱ ነገር ይቀንሳል፤ የእጅ ንዝረትም ብዙ አይታይበትም። ወደ ፊት የሚደረግን እንቅስቃሴም ያፋጥነዋል፤ አንድ እርምጃ የተራመደ ሰው ሦስት የተራመደ ይመስላል። ፊት ሲቀርበው ያብጣል፣ ሰማዩ ይጎብጣል፤ ያን ማዛባት ሌሎች ሲሸሹት እሱ ተጠቀመበት።

ክሎድ ሌሉሽ የሚባለው የፈረንሳይ ዳይሬክተር በ1957፣ ገና ወጣት ሳለ፣ ሞስኮ ሄዶ የ«ሽመላዎቹ ይበርራሉ»ን ቀረጻ እንዳየና ዳይሬክተር ለመሆን የወሰነውም ያኔ እንደሆነ ደጋግሞ ተናግሯል። በኡሩሴቭስኪ በራሱ አገርም መንገድ ተከፈተ። ዳይሬክተሩ አንድሬይ ታርኮቭስኪ በ1962 «የኢቫን ልጅነት»ን ሲሠራ በበርች ጫካው ውስጥ ያለው ትዕይንት፣ ወታደሩ ምሽጉን በእግሩ አንፈራጥጦ ልጅቱን ይዞ የሚስምበት፣ ያለ ኡሩሴቭስኪ ሊታሰብ የሚችል አይመስለኝም፤ ካሜራማኑ ቫዲም ዩሶቭ የራሱ መንገድ ያለው ታላቅ ባለሙያ ቢሆንም።

ከ«ሽመላዎቹ» በኋላ ኡሩሴቭስኪና ካላቶዞቭ «ያልተላከ ደብዳቤ»ን ሠሩ። ካላቶዞቭ ራሱ ሙያውን የጀመረው በካሜራማንነት ነው፤ በ1930 የሠራው «ጨው ለስቫኔቲያ» ዛሬም የሚያስደንቅ ነው። ስለዚህ ሁለቱ ያለ ብዙ ቃል ይግባቡ ነበር። «ያልተላከ ደብዳቤ» በሳይቤሪያ ጫካ አልማዝ ፍለጋ ስለሄዱ አራት የሥነ ምድር ሰዎች ነው። ጊዜው በያኩቲያ የአልማዝ ክምችት የተገኘበት፣ አገሩ ሁሉ ስለ አልማዝ የሚያወራበት ነበር። አልማዙን ያገኙታል፤ በማግስቱ ጫካው በእሳት ይያያዛል፤ አንድ በአንድ ማለቅ ይጀምራሉ። የእሳቱን ክፍል ያየ ሰው አይረሳውም። ነበልባሉ በካሜራውና በሰዎቹ መካከል ያልፋል፤ ጭሱ ሰማዩን ነጭ ወረቀት ያደርገዋል፤ በዚያ ወረቀት ላይ አራት ጥቋቁር ቅርጾች ይንገዳገዳሉ። ሆኖም እዚህ አንድ ነገር ሾልኮ መውጣት ይጀምራል። ሰዎቹ ቅርጽ ሆኑ። የሳቢኒንን፣ የታንያን ስም እናውቃለን፤ ሰውነታቸው ግን ከነበልባሉ ውበት ጋር ይፎካከራል፤ ብዙ ጊዜም ነበልባሉ ያሸንፋል።

በ1963 ሁለቱ ወደ ኩባ ሄዱ። የሚሳይል ቀውሱ ካለፈ ወራት ብቻ ነበሩ። ሞስፊልምና የኩባ የሲኒማ ተቋም በጋራ የሚሠሩት የአብዮት መዝሙር ነበር፤ ድርሰቱን ገጣሚው የቭጌኒ የቭቱሼንኮና ኩባዊው ኤንሪኬ ፒኔዳ ባርኔት ጻፉት። ቀረጻው ከአንድ ዓመት በላይ ወሰደ። ውጤቱ «እኔ ኩባ ነኝ» ይባላል፤ ከሁለት ሰዓት ከሩብ በላይ የሚሄድ፣ አራት ታሪክ ያለው ፊልም ነው።

በዚህ ፊልም ውስጥ ዘንባባው ነጭ ነው። ሸንኮራ አገዳው እንደ ብር ላባ ያበራል፤ ሰማዩ በቀትር ጠቁሯል። ይህ የመጣው ለኢንፍራሬድ ጨረር ከሚነቃ ፊልም ነው። አረንጓዴ ቅጠል ዐይናችን የማያየውን ያን ጨረር አጥብቆ ያንጸባርቃል፤ ስለዚህ ፊልሙ ላይ ነጭ ይሆናል። ጥርት ያለ ሰማይ ግን ከዚያ ጨረር የሚበትነው ጥቂት ብቻ ስለሆነ ይጠቁራል። ዓለም እንደ ኔጋቲቭ ትገለበጣለች። የፋቮርስኪ ተማሪ በስተመጨረሻ ምድሪቱን ራሷን የእንጨት ቅርጽ አደረጋት።

ከዚያ ሁለቱ ዝነኛ ሾቶች፣ ማለትም ሳይቆረጡ የሚሄዱ ምስሎች፣ አሉ። አንዱ በሃቫና ሆቴል ሰገነት ላይ ነው፤ የቁንጅና ውድድር፣ ሙዚቃ፣ መጠጥ። ካሜራው ከላይኛው ሰገነት በሕንፃው ጎን ወደታች ይወርዳል፣ በእንግዶቹ መሃል ያልፋል፣ ወደ መዋኛ ገንዳው ይሄድና ሳይቆረጥ ውሃ ውስጥ ይገባል። ሁለተኛው የተማሪው የኤንሪኬ ቀብር ነው። ካሜራው በባንዲራ የተሸፈነውን አስከሬን ከመንገዱ ያያል፤ በሕንፃው ግድግዳ ጎን ፎቅ በፎቅ ይወጣል፤ ጎዳናውን ተሻግሮ ወደ ሲጋር መጠቅለያ ክፍል ይገባል፤ ሠራተኞቹ ሥራቸውን አቁመው ባንዲራ ይቀባበላሉ፤ በመስኮት ይዘረጉታል፤ ካሜራው በዚያው መስኮት ይወጣና ከሕዝቡ በላይ፣ በጎዳናው መሃል አየር ላይ ይንሳፈፋል። ካሜራውን በእጁ ይዞ የነበረው የኡሩሴቭስኪ የካሜራ ኦፕሬተር አሌክሳንደር ካልዛቲ ነው። ረዳቶች እየተቀባበሉ ያሻገሩት ካሜራ ከመስኮቱ ወዲያ በጎዳናው ላይ በተዘረጋ ገመድ ላይ ተንጠልጥሎ ሄደ። ዛሬ ድሮን ይዞ ይህን የሚደግም ልጅ ይኖራል፤ በዚያ ሙቀት፣ በዚያ ገመድ፣ የተቀረጸውን ሳያዩ መሥራትን ግን ማንም በቀላሉ አይደግመውም።

ፊልሙ በ1964 ሲወጣ ግን የሚወደው ጠፋ። ኩባውያኑ «እኔ ኩባ አይደለሁም» እያሉ ይጠሩት ነበር፤ የራሳቸውን ሕይወት አላዩበትም። በሞስኮም ጥሩ አቀባበል አላገኘም። ብዙም ሳይቆይ ወደ መጋዘን ገባ፤ ለሠላሳ ዓመት ያህልም እዚያ ቀረ።

ኩባውያኑ ተሳስተው ነበር ብለው ብዙዎች ይጽፋሉ። እኔ በዚህ አልስማማም፤ የታየውን በትክክል አይተዋል። በገንዳው ሾት ውስጥ የማንን ልብ እንከተላለን? የማንንም። ካሜራው ከአንዱ እንግዳ ወደ ሌላው ይሄዳል፤ ጉጉቱ የራሱ ነው። የቀብሩም ሾት፣ ይህን ያህል ብወደውም፣ ከሟቹ ቤተሰብ ይልቅ የሚያየው ሕንፃውን ነው። ቬሮኒካ በታንኮቹ መሃል ስትሮጥ ካሜራው ወደ ላይ ሲወጣ እሷን ይዞ ወጥቶ ነበር። ሃቫና ላይ ብቻውን ወጣ። ውበቱ ትንፋሽ ያስቆማል፤ ኩባዊው ተመልካች ግን የጎረቤቱን ፊት ፈልጎ ነበር የመጣው።

ሁሉም ግን እንዲህ አይደለም፤ እዚህ ላይ የፊልሙ ወዳጆች ሳይቀሩ ዝም ብለው የሚያልፉት ክፍል አለ። ሁለተኛው ታሪክ የፔድሮ ነው። ፔድሮ የሰው መሬት ላይ ሸንኮራ የሚያመርት ሽማግሌ ገበሬ ነው፤ ምርቱ ያማረበት ዓመት ነው። ባለመሬቱ በፈረስ መጥቶ መሬቱ ለዩናይትድ ፍሩት ኩባንያ እንደተሸጠ ይነግረዋል። ፔድሮ ልጆቹን ሳንቲም ሰጥቶ ወደ መንደር ይልካቸዋል፤ ሂዱ ተዝናኑ ይላቸዋል። ከዚያ አገዳውን ራሱ ያቃጥለዋል። ካሜራው አብሮት አገዳ ውስጥ ይገባል፤ ቆንጨራው በተወነጨፈ ቁጥር ይወነጨፋል፤ ሽማግሌው ሲዞር ይዞራል፤ ሰማዩ ያዘነብላል። ነጩ አገዳ፣ ጥቁሩ ሰማይ፣ ኢንፍራሬዱ፣ ሰፊው ሌንስ፣ እጁ፣ ሁሉም ብልሃት አለ። ሆኖም አንዱንም አናስተውልም፤ የምናየው የልፋቱን ፍሬ የተነጠቀ ሰው ነው።

ከኩባ በኋላ ሁለቱ ተለያዩ። ካላቶዞቭ «ቀዩ ድንኳን»ን ከሌላ ካሜራማን ጋር ሠራ፤ በ1973 ሞተ። ኡሩሴቭስኪ ራሱ ዳይሬክተር ሆነ። በ1968 ከደራሲው ከቺንጊዝ አይትማቶቭ «ደኅና ሁን ጉልሳሪ» ታሪክ «የሰጋሩ ፈረስ ግልቢያ»ን ሠራ፤ በ1971 ስለ ገጣሚው ሰርጌይ የሴኒን አንድ ፊልም አወጣ። በፈረሱ ፊልም ውስጥ ሜዳው በግልቢያ ፍጥነት ያልፋል፤ ሣሩና ሰማዩ ወደ መስመር ይለወጣሉ። ሁለቱም ፊልሞች የሚታዩ ናቸው፤ ሆኖም ታሪኩን አጥብቆ የሚይዝለት፣ «እዚህ ላይ ቁም» የሚለው ካላቶዞቭ አለመኖሩ ይታወቃል። በእነዚህ ሁሉ ዓመታት ሥዕልን አልተወም ነበር። በኅዳር 1974 በሞስኮ ሞተ፤ ገና 66 አልሞላውም።

«እኔ ኩባ ነኝ» እንደገና ወደ ብርሃን ሲወጣ እሱ አልነበረም። በ1990ዎቹ መጀመሪያ በአሜሪካ በቴሉራይድና በሳን ፍራንሲስኮ ፌስቲቫሎች ታየ፤ ተመልካቹ በጨለማው ውስጥ ያጨበጭብ ነበር ይባላል። በ1995 የአሜሪካ ዳይሬክተሮቹ ማርቲን ስኮርሴዚና ፍራንሲስ ፎርድ ኮፖላ ስማቸውን ሰጥተውት በሲኒማ ቤቶች ወጣ። ከሁለት ዓመት በኋላ ዳይሬክተሩ ፖል ቶማስ አንደርሰን «ቡጊ ናይትስ» በተባለው ፊልሙ ውስጥ ካሜራውን ከግብዣ መሃል ወስዶ ገንዳ ውስጥ ከተተው፤ ያየ ሁሉ ከየት እንደመጣ አወቀ። ከዚያ ወዲህ ኡሩሴቭስኪ በፊልም ትምህርት ቤቶች የሚታወቀው በአብዛኛው በእነዚያ ሁለት ሾቶች ነው፤ ከፊልሙ ተቆርጠው፣ ድምፃቸው ጠፍቶ፣ ለብቻቸው ይታያሉ።

ወጣት ካሜራማኖችና ዳይሬክተሮች የሆናችሁ፣ እንዲህ አትዩት። ፊልሙን ከመጀመሪያው ጀምሩት፤ ፔድሮ አገዳውን የሚያቃጥልበትን ክፍል ሁለት ጊዜ እዩት። በመጀመሪያው ካሜራውን እርሱት። በሁለተኛው ሽማግሌው እጁን ያነሣበትን ቅጽበት ያዙና ካሜራው ከእሱ ቀድሞ ተንቀሳቅሶ እንደሆነ፣ አብሮት እንደሆነ ወይም ተከትሎት እንደሆነ መርምሩ። ከዚያ በኋላ ወደ ገንዳው ሾት ተመለሱና እዚያም ያንኑ ጥያቄ ጠይቁ።